ከስልኩ ጥያቄ ወደ ጉደር መንገድ

አምቦ ውስጥ ለመንጃ ፈቃድ የሚዘጋጅ ወጣት ደብተር ከመግለጡ በፊት ስልኩን ይከፍታል። የመለማመጃ ፕሮግራሙ ጥያቄና ምርጫ ያመጣለታል፤ አንዱን ሲነካ ትክክል ይሁን ስሕተት ወዲያው ያውቃል። ያው ጥያቄ ሲደጋገም ግን ሕጉን ትቶ የመልሱን ቦታ ይሸመድዳል። የጥያቄው አነጋገር ትንሽ ሲለወጥበት ይደናገራል።

ልምድ ያለው አሠልጣኝ ስልኩን አያስጥለውም። ምርጫዎቹን በእጁ ሸፍኖ መጀመሪያ መልሱን በቃሉ እንዲናገር ያደርገዋል። ይህን ዘዴ የሚደግፍ ጥናት አለ፦ የሥነ ልቦና ተመራማሪዎቹ ሄንሪ ሮዲገርና ጄፍሪ ካርፒክ እ.ኤ.አ. በ2006 ባሳተሙት ጥናት ከአምስት ደቂቃ በኋላ የተሻለ ያስታወሱት አንድን ጽሑፍ ደጋግመው ያነበቡት ተማሪዎች ነበሩ፤ ከሳምንት በኋላ ግን ራሳቸውን የፈተኑት በለጧቸው። መንጃ ፈቃድ የያዘ ሰው ሕጉ የሚያስፈልገው ለዓመታት ነውና ይህ ልዩነት ቀላል አይደለም።

ፕሮግራሙ ከሚሰጠው ውጤት ይልቅ የሚጠቅመው የተሳቱት ጥያቄዎች ዝርዝር ነው። ተማሪው የሳተው ፍጥነትን ከሆነ አሠልጣኙ ሒሳቡን አብሮት ይሠራል፦ በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በአንድ ሰከንድ 17 ሜትር ያህል ይጓዛል። ሹፌሩ አደጋውን አይቶ ፍሬን ለመርገጥ አንድ ሰከንድ ቢፈጅበት መኪናው ያን ሁሉ ርቀት ያለ ፍሬን ይሄዳል። ከዚያ ወደ ጉደር በሚወስደው መንገድ ዳር 17 ሜትር በእርምጃ ያስለካዋል። ጋሪ ከጎን ሲገባ፣ ባጃጅ ተሳፋሪ ለማውረድ ድንገት ሲቆም፣ ቁጥሩ ምን ማለት እንደሆነ ያን ጊዜ ይገባዋል።

የመንገድ ምልክት ጥያቄም እንዲሁ ነው። ቀይ ጠርዝ ያለው ሦስት ማዕዘን ያስጠነቅቃል፤ ቀይ ጠርዝ ያለው ክብ ይከለክላል፤ ሰማያዊ ክብ ያዛል። ይህን የያዘ ተማሪ እያንዳንዱን ሥዕል ለብቻ መሸምደድ አያሻውም።

ፕሮግራሞቹ በብዛት የሚጎድላቸው የሚንቀሳቀስ መንገድ ነው። ብሪታንያ እ.ኤ.አ. በ2002 በቲዎሪ ፈተናዋ ላይ ቪዲዮ ጨመረች፤ ተፈታኙ አደጋ ሊፈጠር ሲል ቀድሞ ማየቱን በመጫን ያሳያል። ምዕራብ ሸዋ ውስጥ ይህን ለመለማመድ ውድ መሣሪያ አያስፈልግም። ከሹፌሩ ጎን የተቀመጠ ሰው ከጊንጪ እስከ አምቦ ያለውን መንገድ በስልኩ ይቅረጽ፤ አሠልጣኙም ቪዲዮውን ክፍል ውስጥ ሲያሳይ፣ አህያ ወይም ሕፃን መንገድ ሊያቋርጥ ሲል አቁሞ «አሁን ምን ታደርጋለህ?» ብሎ ይጠይቅ።