አጋምን በወተቱ

ከአዲስ ዘመን ከተማ አጠገብ ባለው በጣራ ገዳም ደን ውስጥ፣ ከወይራው ሥር ስሄድ ዓይኔ አጋምን ይፈልጋል። ቀጋም እሾኻም ነውና መጀመሪያ ያሳስታል። ግን የቀጋ ቅጠል ጠርዙ እንደ መጋዝ ጥርስ ነው፤ እሾሁም ቆልማማ። የአጋም ቅጠል ጠርዙ ልሙጥ፣ ገጹ አብረቅራቂ፣ ሁለት ሁለት ሆኖ ፊት ለፊት የበቀለ ነው፤ እሾሁም ቀጥ ያለ። ካጠራጠረ ቅጠሉን ቀንጠስ ማድረግ ነው፤ ነጭ ወተት ያወጣል። «አጋም የተጠጋ ቁልቋል ሲያለቅስ ይኖራል» ይባላል፤ ሲቆረጥ ግን አጋሙም እንደ ቁልቋሉ ነጭ እንባ አለው። ይህን ስመለከት ሁልጊዜ ይገርመኛል።

አጋም ብርሃን በሚገባበት የደን ዳርና በቁጥቋጦው መካከል ይበረታል። ነጩ አበባው ሳይታይ መዓዛው ይደርሳል። ፍሬው ሲበስል ይጠቁራል፤ ያኔ እረኞችን የሚቀድም የለም።