ባሕር የፈረደችበት ፊልም፦ ስለ «ቼሚን» ፍጻሜ

በደቡብ ምዕራብ ሕንድ፣ በኬረላ ግዛት ስለሚሠራው የማላያላም ቋንቋ ፊልም ሲጻፍ ዘወትር የሚወደሰው «አካባቢያዊ ቀለሙ» ነው። የኮኮናቱ ዛፍ፣ ጀልባው፣ ዝናቡ ይቆጠራል። እኔ ግን ይህ ቆጠራ ሥራዎቹን ያሳንሳል ባይ ነኝ። በተሻሉት ፊልሞች ባህሉ ሴራውን የሚያንቀሳቅስ ኃይል እንጂ ጌጥ አይደለም፤ ጥያቄውም ፊልሙ ለዚያ ኃይል ምን ያህል ይገዛል የሚለው ነው።

ራሙ ካሪያት እ.ኤ.አ. በ1965 ያዘጋጀውን «ቼሚን» እንውሰድ። መነሻው ታካዢ ሲቫሳንካራ ፒላይ በ1956 ያሳተመው ልቦለድ ነው። የዓሣ አጥማጁ ልጅ ካሩታማ ሙስሊሙን ነጋዴ ፓሪኩቲን ትወዳለች፤ የምትዳረው ግን ለዓሣ አጥማጁ ለፓላኒ ነው። ባሕር የወረደ ባል በሰላም የሚመለሰው ሚስቱ በታማኝነት ስትጠብቀው ነው፤ አለዚያ «ካዳላማ»፣ ማለትም እናት ባሕር፣ ትቀጣለች የሚል እምነት ታሪኩን ከዳር እስከ ዳር ይዞታል። በመጨረሻም አፍቃሪዎቹ በሌሊት ሲገናኙ ፓላኒ ከሻርክ ጋር ሲታገል አዙሪት ይውጠዋል።

እስከዚህ ድረስ በገፀ ባሕርያቱ አንደበት ሲነገር የቆየው እምነት እዚህ ላይ የፊልሙ የራሱ ፍርድ ይሆናል። እምነትን ማሳየት አንድ ነገር ነው፤ ለእምነቱ ምስክር መቆም ግን ሌላ። ደግሞም ፊልሙ ሌላ ምክንያት አላጣም። የካሩታማ አባት ቼምባንኩንጁ ጀልባና መረብ የገዛው በፓሪኩቲ ገንዘብ ነው፤ ዓሣውን ሊሸጥለት ቃል ገብቶ ካደው፤ ነጋዴውም ከሰረ። ዕዳና ስስት ያደረሱት ጥፋት ይህን ያህል በጥንቃቄ ከተተረከ በኋላ ጠቅላላ ሒሳቡ በአንዲት ሴት ልብ ላይ መወራረዱ ያስቆጫል። (በነገራችን ላይ፣ «አገርኛነት» ከባለሙያዎቹ ትውልድ አይመነጭም፤ የዚህ ፊልም የዜማ ደራሲ ሳሊል ቾውድሪ ቤንጋሊ ነበር።)

አዱር ጎፓላክሪሽናን በ1981 ባዘጋጀው «ኤሊፓታያም» (ትርጉሙ «የአይጥ ወጥመድ» ነው) ፈራጅ ባሕር የለችም። ዘሩ በእናት ወገን የሚቆጠረው ትልቁ የናየር ቤት እየፈረሰ፣ ኡኒ የተባለው የቤቱ ጌታ በእኅቱ በራጃማ ጉልበት ይኖራል። ስለ ልማዱ የሚሰብክ ሰው የለም፤ ሰውየው እጁን ሳያነሣ ሲውል ማየቱ ይበቃል። በወጥመድ የተያዙት አይጦች ኩሬ ውስጥ እየተነከሩ ይሞታሉ። በፍጻሜው ኡኒም እየተጎተተ እዚያው ኩሬ ውስጥ ይጣላል። የሚጥሉት ግን ሰዎች ናቸው፤ እሱም እየተንቀጠቀጠ ከውኃው ይወጣል።