የተዋሃደ አንጓ ጎረቤቶች

የአከርካሪ ውህደት ቀዶ ሕክምና ሁለት ወይም ከዚያ በላይ የሆኑ አንጓዎች በአጥንት ተያይዘው እንደ አንድ አጥንት እንዲኖሩ የሚያደርግ ሕክምና ነው። ዓላማው በመካከላቸው ያለውን እንቅስቃሴ ማጥፋት ነው። ሰው ግን አንድ ቦታ ላይ እንቅስቃሴ ስለታገደበት መጎንበሱን፣ መዞሩንና ቀና ማለቱን አይተውም፤ የቀረውን እንቅስቃሴ ከውህደቱ በላይና በታች ያሉት አንጓዎች ይሸፍኑለታል። ዓመታት ሲያልፉ በእነዚህ ጎረቤቶች መካከል ያለው ዲስክ ይደርቃል፣ ይሳሳል፤ የኋላ መገጣጠሚያቸው ይወፍራል፤ አንዳንዴም አንዱ አንጓ በሌላው ላይ ይንሸራተታል። ይህ የተጎራባች እርከን መበላሸት ይባላል። እርከን ማለት ሁለት አንጓዎች፣ በመካከላቸው ያለው ዲስክና ከኋላቸው ያሉት ሁለት ትንንሽ መገጣጠሚያዎች አንድ ላይ ማለት ነው።

ሕክምናው ሲጀመር የጎረቤቱ ጉዳይ ማንንም አላሳሰበም። እ.ኤ.አ. በ1911 ራስል ሂብስና ፍሬድ አልቢ የተባሉ የኒውዮርክ ቀዶ ሐኪሞች በየፊናቸው አከርካሪን የማዋሃድ ዘዴ ሲያስተዋውቁ ዋና ዒላማቸው የአከርካሪ ቲቢ ነበር። ቲቢ አንጓውን በልቶ ጀርባን ያጎብጣል፤ በኢትዮጵያም እስከ ዛሬ የሚታይ ሕመም ነው። ፀረ ቲቢ መድኃኒት ባልነበረበት ዘመን የሚፈርስን አከርካሪ በአጥንት ድልድይ ማሰር ከፍተኛ እርምጃ ስለነበር፣ ከብዙ ዓመታት በኋላ በላይኛው ዲስክ ላይ ስለሚመጣው የሚጠይቅ አልነበረም። በ1950ዎቹ የተበላሸ የአንገት ዲስክን ከፊት በኩል አውጥቶ አንጓዎቹን ማዋሃድ ተጀመረ። በ1960ዎቹ ፈረንሳዊው ሬይሞን ርዋ ካሚይ ብሎንን ከኋላ አስገብቶ እስከ አንጓው አካል የሚያደርስ ዘዴ አስተዋወቀ። ብሎንና ዘንግ እየተስፋፉ ሲሄዱ ውህደት ለዲስክ መበላሸት፣ ለአንጓ መንሸራተትና ለነርቭ ቦይ መጥበብም የሚሰጥ ሕክምና ሆነ። ታካሚዎቹ ከቀዶ ሕክምናው በኋላ ሃያና ሠላሳ ዓመት ይኖራሉ፤ ጎረቤቱ ጉዳይ የሆነውም በዚህ ምክንያት ነው።

ባለሙያው አስቀድሞ ሁለት ነገሮችን ይለያል። አንደኛው በራጅ ወይም በኤምአርአይ ብቻ የሚታይ ለውጥ ነው፤ ሁለተኛው ከዚያ ለውጥ ጋር የሚገጥም አዲስ ሕመም፣ ማለትም ወደ ክንድ ወይም ወደ እግር የሚወርድ ህመም፣ መደንዘዝ፣ መድከም ወይም ትንሽ ተራምዶ ለመቀመጥ መገደድ ነው። የመጀመሪያው እጅግ የተለመደ ሲሆን ሁለተኛው ከእሱ ያንሳል። ምንም ሕመም የሌላቸው ሰዎች ምስል ሲነሱ እንኳ በ20 ዓመት ዕድሜ 37 በመቶ፣ በ80 ዓመት ደግሞ 96 በመቶ የሚሆኑት የዲስክ መበላሸት ምልክት እንደሚታይባቸው በ2015 የታተመ የጥናቶች ግምገማ ያሳያል። ስለዚህ ከውህደት በላይ የጠቆረ ዲስክ ማየት በራሱ ምርመራን አይቋጭም። ምስሉን አይቶ የሚቀድና ታካሚውን ሰምቶ የሚቀድ ሐኪም የሚለያዩትም እዚህ ላይ ነው።

የመበላሸቱ አካሄድ በከፊል ሜካኒካዊ ነው። በቤተ ሙከራ ከአስከሬን በተወሰዱ አከርካሪዎች ላይ አንድ እርከን ታስሮ ቀሪው በተመሳሳይ መጠን እንዲታጠፍ ሲደረግ፣ በጎረቤት እርከን ላይ እንቅስቃሴውም በዲስኩ ውስጥ ያለው ግፊትም ይጨምራሉ። የታሰረው ክፍል ሲረዝም የሚጫነው ኃይልም ይበረታል። ጫናው የሚያርፍበት አካል ደግሞ ራሱን ለመጠገን ደካማ ነው። ዲስክ በሰውነት ውስጥ ትልቁ የደም ሥር የሌለው አካል ነው፤ ምግቡንና ኦክስጅኑን የሚያገኘው ከላይና ከታች ባሉት አንጓዎች ስስ ሽፋን በኩል በዝግታ እየሰረገለት ነው። በዕድሜ ብዛት ወይም በጫና ይህ ሽፋን ሲጠነክርና ሲሰነጠቅ ዲስኩ ውኃውን ያጣል፣ ቁመቱ ይቀንሳል፣ ክብደቱ ወደ ኋላ መገጣጠሚያዎች ይዞራል። መገጣጠሚያዎቹ ሲወፍሩና ከኋላቸው ያለው ጅማት ሲታጠፍ የነርቭ ቦዩ ይጠባል።

የመጠኑን ነገር በተመለከተ ሁለት ጥናቶች ደጋግመው ይጠቀሳሉ። በ1999 አላን ሂሊብራንድና ባልደረቦቹ ከፊት በኩል የአንገት ውህደት የተደረገላቸውን 374 ሰዎች ተከታትለው፣ በየዓመቱ በአማካይ 2.9 በመቶ የሚሆኑት በጎረቤት እርከን አዲስ ሕመም እንደሚጀምራቸውና በአሥር ዓመት ውስጥ ይህ ወደ ሩብ እንደሚጠጋ ገመቱ። በ2004 የወጣ የወገብ ጥናት ደግሞ 215 ሰዎችን መርምሮ፣ በጎረቤት እርከን ሌላ ቀዶ ሕክምና የሚያስፈልጋቸው በአምስት ዓመት 16.5 በመቶ፣ በአሥር ዓመት 36.1 በመቶ እንደሚሆኑ አሰላ። በወገብ ላይ ይበልጥ የሚጠቃው ከውህደቱ በላይ ያለው እርከን ነው፤ 4ኛና 5ኛ አንጓዎች ከተዋሃዱ በ3ኛውና በ4ኛው መካከል ያለው ዲስክ ማለት ነው።

እነዚህ አኃዞች ግን ጥፋቱን ሙሉ በሙሉ በውህደቱ ላይ አይጥሉም። ዲስኩ ውህደት ባይኖርም ሊያረጅ ይችል ነበር፤ አንድ እርከኑ ቀድሞ የተበላሸበት ሰው የሌሎቹም ዕድል ተመሳሳይ ሊሆን ይችላል። የሂሊብራንድ ጥናት ራሱ ለዚህ ማስረጃ አለው፤ ብዙ እርከን የተዋሃደላቸው ሰዎች አንድ እርከን ብቻ ከተዋሃደላቸው ያነሰ አዲስ ሕመም አሳይተዋል። ምክንያቱ ለተፈጥሯዊ መበላሸት ይበልጥ የተጋለጡት የታችኛው አንገት ዲስኮች በረጅሙ ውህደት ውስጥ አስቀድመው መካተታቸው ሊሆን ይችላል። በአውሮፓ የጀርባ ህመም ያላቸውን ሰዎች በዕጣ ለቀዶ ሕክምናና ለአካል ብቃት ሕክምና የመደቡ አራት ሙከራዎች ታካሚዎች ከአሥር ዓመት በላይ ከቆዩ በኋላ ተጠርተው ሲመረመሩ፣ በቀዶ ሕክምናው ወገን የጎረቤት ዲስክ በመጠኑ ይበልጥ ቁመት አጥቶ ተገኘ፤ በህመምና በአቅም ረገድ ግን ከዚህ ጋር የሚሄድ ልዩነት አልታየም። ውህደት መበላሸቱን ያፋጥናል፣ ብቻውን ግን አይፈጥረውም ማለት ለማስረጃው ይቀርባል።

ከታካሚው በኩል የሚመጡ ምክንያቶች በአብዛኛው በሐኪሙ እጅ አይደሉም፤ የገፋ ዕድሜ፣ የአጥንት መሳሳት፣ ከመጠን ያለፈ ክብደት፣ ሲጋራ፣ ከቀዶ ሕክምናው በፊት ጎረቤቱ እርከን ላይ የነበረ መበላሸት ይገኙበታል። የሙያው ክብደት ያለው በሐኪሙ እጅ ባለው ክፍል ላይ ነው፤ እሱም ከሚታሰበው ይሰፋል።

የመጀመሪያው ጎረቤቱን አለመንካት ነው። ከኋላ ብሎን ሲገባ ከላይኛው አንጓ ጋር የሚገጥመው የኋላ መገጣጠሚያ ለመግቢያው ቅርብ ነው። ብሎኑ ወደ ውስጥ ካዘነበለ ወይም ራሱ መገጣጠሚያው ላይ ካረፈ፣ ሳይዋሃድ መቅረት የነበረበት መገጣጠሚያ በመጀመሪያው ቀን ተጎድቶ ይቀራል። ስለዚህ የላይኛው ብሎን መግቢያ ወደ ጎንና ወደ ታች ይወሰዳል፤ የመገጣጠሚያው ሽፋንም አይገለጥም። በአንገት ላይ ደግሞ ጥንቃቄው የሳህኑ ርዝመት ነው። ጠርዙ ከጎረቤት ዲስክ ከ5 ሚሊሜትር ባነሰ ርቀት ሲያርፍ ከዲስኩ ፊት አጥንት የመብቀሉ ዕድል ይጨምራል፤ ስለዚህ አጭር ሳህን ይመረጣል። እርከኑን ለመለየት የምትገባው መርፌም በስህተት ጤነኛ ዲስክ ውስጥ ከገባች ጉዳት ታደርሳለች፤ መርፌዋን ዲስክ ውስጥ ሳይሆን አጥንት ላይ መትከል ይሻላል። ከውህደቱ በላይ ያለውን የአንጓ ጀርባ ቆርጦ ማንሳት፣ ሁለቱን የአንጓ ጫፎች የሚያያይዘውን ጅማት መቁረጥ፣ የጀርባን ጥልቅ ጡንቻዎች ከአጥንት ላይ ረጅም ርቀት መፋቅ፣ ሁሉም ለጎረቤቱ የነበረውን ድጋፍ ይነጥቁታል።

ሁለተኛው ክፍል የአከርካሪን ተፈጥሯዊ እጥፋት መመለስ ነው፤ ለወገብ ውህደት ከሁሉ የሚበልጠው ምናልባት ይህ ነው። ወገብ በተፈጥሮው ወደ ፊት ቀስት ሠርቶ የታጠፈ ነው፤ ከዚህ እጥፋት ሁለት ሦስተኛ የሚሆነው በ4ኛው የወገብ አንጓና ከወገብ በታች ባለው ሳክረም በተባለው አጥንት መካከል ይገኛል። የእጥፋቱ መጠን ከሰው ሰው ይለያያል፤ የሚወስነው የዳሌ ቅርጽ ነው። የዳሌን ቅርጽ የሚለካው ማዕዘን ዕድገት ካበቃ በኋላ የማይለወጥ ሲሆን በአንዱ ሰው ከ40 ዲግሪ ያነሰ፣ በሌላው ከ70 የበለጠ ሊሆን ይችላል። የወገቡ እጥፋት ከዚህ ማዕዘን በ10 ዲግሪ ውስጥ እንዲቀራረብ ይፈለጋል። ሐኪሙ አንጓዎቹን ቀጥ አድርጎ ካዋሃዳቸው ሰውየው ወደ ፊት ያዘነብላል፤ እንዳይወድቅ ደግሞ ከውህደቱ በላይ ያለውን እርከን አለቅጥ ወደ ኋላ ይለጥጠዋል። ጎረቤቱ በቆመና በተራመደ ቁጥር ይህን ዋጋ ይከፍላል። በ2015 የታተመ ጥናት ልዩነቱ ከ10 ዲግሪ በላይ የሆነባቸው ሰዎች በጎረቤት እርከን ምክንያት ለሁለተኛ ቀዶ ሕክምና የመዳረግ ዕድላቸው አሥር እጥፍ ያህል ከፍ ያለ እንደነበር አሳይቷል። ከቀዶ ሕክምና በፊት ታካሚው ቆሞ ከራስ እስከ ጭን ራጅ መነሳቱ፣ በቀዶ ጠረጴዛ ላይም ዳሌው ተዘርግቶ መተኛቱ ትርጉም የሚያገኙት በዚህ ነው። በሆድ አስተኝቶ ጭንን ማጠፍ የወገብን እጥፋት አጥፍቶ ቀጥ ያደርገዋል፤ ብሎንና ዘንግ ሲጠብቅ ያ ቅርጽ ዘላቂ ይሆናል።

ሦስተኛው፣ ከሁሉ ቀድሞ የሚመጣው፣ ማዋሃድ ያስፈልጋል ወይ የሚለው ውሳኔ ነው። በ2016 የታተመ የስዊድን ሙከራ የነርቭ ቦይ የጠበባቸውን 247 ሰዎች፣ መጠነኛ የአንጓ መንሸራተት ያለባቸውን ጨምሮ፣ በዕጣ ከፍሎ ቦዩን ብቻ ማስፋትን ቦዩን አስፍቶ ከማዋሃድ ጋር አነጻጸረ። በሁለትና በአምስት ዓመት በውጤት ልዩነት አልተገኘም። ውህደት ካልተደረገ ከውህደት የሚመጣው ጫና የለም። ለአንገት ሌላው አማራጭ እንቅስቃሴን የሚያቆይ ሰው ሠራሽ ዲስክ ነው፤ በአሜሪካ በ2007 የመጀመሪያው የአንገት ዲስክ ፈቃድ አግኝቷል። ከውህደት ጋር በተነጻጸረባቸው ሙከራዎች በተለይ በሁለት እርከን ሲገባ በጎረቤት እርከን ላይ ተደጋጋሚ ቀዶ ሕክምናን ቀንሶ ታይቷል፤ መገጣጠሚያቸው ለተበላሸ ወይም አጥንታቸው ለሳሳ ሰዎች ግን አይሆንም።

ሕመሙ ከመጣ በኋላ ግምገማው በሥርዓት ይሄዳል። ቆሞ፣ ጎንበስና ቀና ብሎ የሚነሳ ራጅ መንሸራተትን ያሳያል፤ ኤምአርአይ ነርቭን ያሳያል፤ ብረቱ ምስሉን ካበላሸው በህብለ ሰረሰር ዙሪያ ቀለም ተሰጥቶ ሲቲ ስካን ይነሳል። የመጀመሪያው ውህደት መያዙም ይጣራል፤ ያልያዘ አጥንት ወይም የላላ ብሎን የጎረቤት ሕመም መስሎ ሊቀርብ ይችላል። የነርቭ ድክመት ወይም የሽንት ችግር እስካልታየ ድረስ ሕክምናው በፊዚዮቴራፒ፣ በመድኃኒትና እንደ አስፈላጊነቱ በመርፌ ይጀመራል። ይህ ሳይበቃ ሲቀርና ችግሩ መጥበብ ብቻ ሲሆን ቦዩን ማስፋት ይበቃ ይሆናል፤ አንጓው የሚንሸራተት ከሆነ ግን ውህደቱ ወደ ላይ ይራዘማል። በወገብ ላይ ዲስኩን ከጎን በኩል መድረስ የድሮውን ጠባሳ ሳይነኩ ለመሥራት ያስችላል። ወገቡ ቀጥ ብሎ የተዋሃደበት ሰው ከሆነ ቅርጹን ሳያስተካክሉ አንድ እርከን መጨመር ጫናውን ለሚቀጥለው ጎረቤት ማስተላለፍ ብቻ ይሆናል።

ስለዚህ የመጀመሪያው ውህደት ሲታቀድ ታካሚው ሊሰማው የሚገባ ነገር አለ። የታሰረው እርከን ህመም ቢያርፍም ሌላው እርከን ወደፊት ሕክምና ሊፈልግ ይችላል፤ ዕድሉ በዕድሜው፣ በዲስኮቹ ሁኔታና በሚታሰረው ርዝመት ይለያያል። ሲጋራ ማቆም፣ የሳሳ አጥንትን አስቀድሞ ማከምና የጀርባን ጡንቻ ማጠንከር በእሱ በኩል ያሉ ሥራዎች ናቸው። በሐኪሙ በኩል ያለው ሥራ ከሚያስፈልገው በላይ እርከን አለማሰር፣ የታሰረውን በትክክለኛው ማዕዘን ማሰርና ያልታሰረውን እንደነበረ መተው ነው።