ሐተታ በእንተ ተፍጻሜተ ሰማይ ወምድር ዘመጽሐፈ ሄኖክ

ሰማይና ምድር የሚያልቁበት ስፍራ በመጽሐፈ ሄኖክ በ18ኛው ምዕራፍ ተጽፏል። (ምዕራፉን የምንቈጥረው በ108 በተከፈለው ኅትመት ነው።) ነገሩ በንባብ ጥቂት ሲሆን በትርጓሜ ብዙ ክርክር ያመጣል። አንዳንዱ በምድር ዳርቻ እንዳለ አገር አድርጎ በጣቱ ሊያመለክተው ይወዳል፤ አንዳንዱም ምሳሌ ነው ብሎ ያልፈዋል። እኛ ግን ንባቡ የሚሸከመውን ያህል ብቻ እንናገር።

ስፍራው እንደምን ያለ ነው ቢሉ፥ ሄኖክ አስቀድሞ ሰባት ተራሮች አየ፤ ሦስቱ ወደ ምሥራቅ፥ ሦስቱ ወደ ደቡብ፥ መካከለኛውም እንደ መንበረ እግዚአብሔር እስከ ሰማይ የደረሰ ነው። ከዚያ ወዲያ የእሳት ዓምድ ያለበት ጥልቅ ገደል አየ። ከገደሉም ማዶ በላይ ጠፈር፥ በታች የጸና ምድር የሌለው፥ ውኃ የማይገኝበት፥ ወፍ የማይበርበት ባዶ ስፍራ አየ። በዚያ ሰባት ከዋክብት እንደሚነዱ ታላላቅ ተራሮች ሆነው ታስረዋል። ልብ አድርጉ፤ መጽሐፉ ይህን ስፍራ የሚያስረዳን የሌለበትን በመቍጠር ነው። ላይና ታች ከሌለ መንገድ ከወዴት ይገኛል? ስለዚህ በጉዞ ይደረስበታል የሚሉት ከንባቡ ጋር ተጣልተዋል። ምሳሌ ብቻ ነው የሚሉትም አልቀናቸውም፤ ምነው ቢሉ፥ መልአኩ ወኅኒ ቤት ብሎታልና። ወኅኒ እስረኛን ይሻል፤ በደልን ይሻል፤ የእስራት ዘመንንም ይሻል።

በደላቸው በተወሰነላቸው ጊዜ አለመውጣታቸው ነው። (በቀጠሮው የማይገኝ ሰው እጅግ ስለ በዛ፥ ይህን ስናነብ ጥቂት ልንፈራ ይገባናል።)

ዋናው ክርክር ግን ከእስራቱ ዘመን ላይ ነው። ግዕዙ በ18ኛው ምዕራፍ መጨረሻ ዘመኑን «ዓመተ ምሥጢር» ይለዋል። ከዚህ የተነሣ የዓለምን ፍጻሜ በጣቱ እየቈጠረ ስውሩን ዓመት አገኘሁ የሚል አይጠፋም። እንዲህ ያለው ቍጥር የገበሬን ዘር በጎተራ ያስቀራል፤ የድኃን ገንዘብ ለአታላይ ይሰጣል፤ ቀኑ ባለፈም ጊዜ ሰውን በመጽሐፍ እንዲዘብት ያደርገዋል። ስለዚህ ነገሩ ቀላል አይደለም።

ጄምስ ብሩስ የተባለው ሰው የመጽሐፉን ሦስት ግልባጭ ከኢትዮጵያ ይዞ በፈረንጅ ቍጥር በ1773 ዓመት አውሮፓ ገባ። ሪቻርድ ሎረንስ በ1821 ወደ እንግሊዝ ቋንቋ ሲመልሰው ይህንኑ ቃል እንዳገኘው «ስውር ዓመት» ብሎ ተረጐመው። እንቅፋቱ ባሕር ተሻገረ ማለት ነው። በግብፅ አክሚም በ1886 እና በ1887 መካከል የጽርዕ ንባብ በተገኘ ጊዜ ግን፥ በዚያው ስፍራ የቆመው አሥር ሺህ ዓመት የሚል ነው። በጽርዕ አሥር ሺህ «ሚርዮን»፥ ምሥጢርም «ሚስቲርዮን» ይባላልና፥ የቀድሞው ተርጓሚ ወይም ጸሓፊ አንዱን ለሌላው አንብቦታል ብለው ሊቃውንት ፈረዱ።

በዚህ የሚቈጣ አንባቢ ይኖራል፤ ሙሉው መጽሐፍ የተጠበቀው በእኛ ዘንድ ሲሆን ከጽርዕ ቍራጭ እንማራለን ወይ ይላል። ቍጣው ደግ ነው፤ ነገር ግን ወደ ጽርዕ ሳንሄድ ራሱ ግዕዙ ይፈርድልናል። በ21ኛው ምዕራፍ ሄኖክ እነዚያኑ ሰባት ከዋክብት ደግሞ ያያል፤ ዑርኤልም ሲመልስለት በእልፍ የሚቈጠር ዘመን ይነግረዋል እንጂ ምሥጢር አይልም። ያው እስረኛ፥ ያው በደል፥ ያው ወኅኒ ነው። የመጽሐፍ ምስክሩ መጽሐፍ ሲሆን ደጅ መጥናት ምን ያስፈልጋል?

አንድም ብሎ ቀኑን ከአብ በቀር የሚያውቅ የለም ለማለት ምሥጢር አለው የሚል መምህር ቢኖር፥ ትምህርቱ እውነት ነው። ቦታው ግን ይህ አይደለም፤ ንባቡ የሚናገረው ስለ ከዋክብቱ የቅጣት ልክ ነውና።

ከዚህ የሚበልጥ ሌላ ስሕተት አለ። በዚያው በ21ኛው ምዕራፍ ሄኖክ ከፊተኛው የሚያስፈራ ሁለተኛ ስፍራ ያያል፤ ይህ የመላእክት ወኅኒ ነው፥ ለዘለዓለምም ነው። ሁለቱን አንድ አድርጎ የሚያነብ ሰው ወይ ለዘለዓለሙ ወኅኒ ቀን ይቈርጥለታል፥ ወይ ቀን የተቈረጠላቸውን ከዋክብት ያለ ቀን ያስራቸዋል። ዳኛ ሁለት ፍርድ በአንድ ማኅተም ቢያትም ማን ዝም ይለዋል?

«ተፍጻሜት» የሚለውም ቃል ይመርመር። ፈጸመ ማለት አጠፋ ብቻ ሳይሆን ሞላ፥ አደረሰ፥ ሥራን ከልኩ አገባ ማለት ነው። ከአዲስ አበባ በስተምዕራብ፥ በኮልፌ ቀራንዮ፥ 18 ማዞሪያ የሚባለውን ሰፈር የሚያውቅ ሰው ይህን በቶሎ ያስተውለዋል። ማዞሪያ ለነጂው የመንገዱ ዳር ነው፤ ሠረገላው ግን በዚያ አይጠፋም፥ ዞሮ ይመለሳል እንጂ። ቀራንዮም ጌታ በመስቀል ሆኖ ተፈጸመ ያለበት ስፍራ ስም ነው፤ በዚያ የተፈጸመው ሥራ ነው፥ ዓለሙ ግን በማግሥቱ ነበረ። ሄኖክም ራሱ ከ33ኛው ምዕራፍ ጀምሮ ወደ ምድር ዳርቻ ሲደርስ፥ ሰማይ የሚያርፍበትን አይቶ የተከፈቱ ደጆች ያገኛል፤ ከዋክብት የሚወጡባቸውን ደጆች ቈጥሮ ይጽፋል። እንግዲህ በአንዱ ዳርቻ የታሰሩ፥ በሌላው ዳርቻ በጊዜያቸው የሚወጡ ከዋክብት አሉ።

የነፍሳት ማረፊያ የተነገረበት 22ኛው ምዕራፍ ለብቻው ሐተታ ይሻል።