ያልታተመው መጠይቅ፦ ሳይኮአናሊሲስ፣ ሂሳዊ ንድፈ ሐሳብና የማኅበራዊ ለውጥ ጥያቄ

ፍራንክፈርት የሚገኘው የማኅበራዊ ምርምር ተቋም በ1929 ለጀርመን ሠራተኞች አንድ ረጅም መጠይቅ ማደል ጀመረ (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ጥያቄዎቹ 271 ናቸው። የትኛውን ፓርቲ ትመርጣለህ፣ ደመወዝህ ስንት ነው፣ የሠራተኛ ማኅበር አባል ነህ ወይ የሚሉት ከማንኛውም የሶሲዮሎጂ ጥናት የሚጠበቁ ናቸው። በመካከላቸው ግን ቤትህን በምን ታስጌጣለህ፣ ጃዝ ትወዳለህ ወይ፣ የዘመኑ የሴቶች ፋሽን ደስ ይልሃል ወይ፣ በታሪክ ከሁሉ የሚበልጡብህ ሰዎች እነማን ናቸው፣ ልጅን ጨርሶ ሳይመቱ ማሳደግ ይቻላል ብለህ ታምናለህ ወይ የሚሉ ተሰግስገዋል። 3,300 ያህል ቅጂ ተሠራጭቶ እስከ 1931 መጨረሻ 1,100 ያህሉ ተሞልቶ ተመለሰ። ጥናቱን የመራው ኤሪክ ፍሮም ሲሆን፣ ዋናዋ የሥራ ባልደረባው ሂልደ ቫይስ ነበረች።

በዚሁ ተቋም የዳበረው ሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ ከሳይኮአናሊሲስ ጋር ስላለው ዝምድና የሚጻፈው አብዛኛው ጽሑፍ የሚነሣው ከሌላ ቦታ ነው፤ ከተቋሙ ፈላስፎች ከአዶርኖ ድርሰቶች ወይም ከማርኩዘ “ኤሮስና ሥልጣኔ”። እኔ ከመጠይቁ መነሣትን መርጫለሁ። ሁለቱ ዕውቀቶች ተገናኝተው ስለ ማኅበራዊ ለውጥ ቁም ነገር የተናገሩት ሰዎችን በጠየቁበት ጊዜ ነው፤ ስለ ሰው ተፈጥሮ በተከራከሩበት ጊዜ የተናገሩት ግን በአመዛኙ ስለ ራሳቸው ነው። ይህን ለማሳየት መጠይቁን ጠጋ ብሎ ማየት ያስፈልጋል።

መጠይቁ የተነሣበት ችግር፣ የተበደለ ሠራተኛ ለምን እንደማያምፅ፣ ለተቋሙ ማርክሳውያን አዲስ አልነበረም። በ1918 ካይዘሩ ሲወድቅ ጀርመን በአውሮፓ እጅግ ከተደራጁት ላብ አደሮች አንዱ የነበረባት አገር ናት፤ አብዮቱ ግን ከሸፈ። ሳይኮአናሊስትም ኮሙኒስትም የነበረው ቪልሄልም ራይኽ በ1933 ጉዳዩን ገልብጦ አቀረበው፦ የተራበ ቢሰርቅ፣ የተበዘበዘ ቢያድም ማብራሪያ አያሻውም፤ ማብራሪያ የሚያሻው አብዛኛው ርሃብተኛ የማይሰርቀው፣ አብዛኛው ተበዝባዥ የማያድመው ለምን እንደሆነ ነው። (ለዚህ ድፍረቱ ሁለቱም ወገን እኩል ቀጣው፤ ኮሙኒስት ፓርቲው በ1933፣ ዓለም አቀፉ የሳይኮአናሊሲስ ማኅበር በ1934 አባረሩት።) የፍራንክፈርቱ ተቋም ለዚህ ጥያቄ የሚሆን ዕውቀት ፍለጋ ሩቅ መሄድ አላስፈለገውም። በዚያው በ1929 የተከፈተው የከተማው የሳይኮአናሊሲስ ተቋም የሚሠራው በእሱው ሕንፃ ውስጥ ነበር፤ በሶሲዮሎጂ ዶክተር፣ በሥልጠና ሳይኮአናሊስት የሆነው ፍሮምም በሁለቱም በኩል ነበረበት።

የመጠይቁ ብልሃት ጎልቶ የሚታየው በልጁ ዱላ ላይ ነው። ዓለም እንዴት ሊሻሻል ይችላል ተብሎ የተጠየቀ የፓርቲ አባል መልሱን ከጋዜጣው ያውቀዋል፤ መፈክሩን ይጽፋል፣ ያልፋል። ስለ ልጅ አስተዳደግ ግን በቃሉ የያዘው መፈክር የለውም። የሚያዝዘው ሳይኖር በራሱ ቃል ሲጽፍ ከብዕሩ የሚወጣው አባቱ በአርጩሜ ያስተማረው፣ እናቱ ያየችውን አይታ ዝም ያለችበት ቤት ነው። መጠይቁ “ሀ” ወይም “ለ” ብሎ ምርጫ አላቀረበለትም። ተንታኞቹ መልሱን ያነበቡት ሳይኮአናሊስት ታካሚውን በሚያዳምጥበት መንገድ ነው፤ የተባለውን ብቻ ሳይሆን የተባለበትን ቃል፣ የተደጋገመውን፣ ተዘልሎ ባዶ የተተወውን ጭምር መዘኑ። አንዱ ዱላ ልጅን ሰው ያደርጋል ሊል፣ ሌላው ዱላ ፈሪ ብቻ ያሳድጋል ሊል ይችላል፤ በሁለቱም ኪስ ውስጥ ግን ያለው የአንድ ፓርቲ ደብተር ነው። ፍሮም የፈለገው በደብተሩና በመልሱ መካከል ያለውን ርቀት ነበር።

ሥሌቱ ሲወጣ፣ ከግራ ፓርቲ ደጋፊዎቹ መካከል አስተሳሰባቸውና ስሜታቸው የገጠመላቸው 15 በመቶ ያህል ብቻ ሆኑ። ትልቁ ክፍል የተደበላለቀ ነበር። ከዚያ ያነሰ፣ ችላ የማይባል ክፍል ደግሞ በአፉ አብዮተኛ፣ በጠባዩ ለአዛዥ የሚያጎነብስ ሆኖ ተገኘ።

ይህ ቁጥር አፈ ታሪክ ወልዷል፤ ጥናቱ የጀርመን ላብ አደር ሂትለርን እንደማይቋቋም አስቀድሞ አውቆ ነበር ይባላል። በዚህ አልስማማም። በኅዳር 1932 ምርጫ ሶሻል ዴሞክራቶቹና ኮሙኒስቶቹ በድምሩ 221 የምክር ቤት መቀመጫ ሲያገኙ የናዚዎቹ ድርሻ 196 ነበር። የግራው መራጭ በጅምላ አልከዳም። ኮሙኒስቶቹ ግን በሞስኮ መስመር ተመርተው ሶሻል ዴሞክራቶቹን “ሶሻል ፋሺስት” እያሉ ሲያጠቁ ከረሙ፤ የሶሻል ዴሞክራት መሪዎችም በሐምሌ 1932 የፕሩሺያ መንግሥታቸው በአዋጅ ሲነጠቅ አባላቸውን አደባባይ አልጠሩም። ስድስት ሚሊዮን ያህል ሥራ አጥ በተቆጠረበት ዓመት አጠቃላይ የሥራ ማቆም አድማ መጥራት ቀላል እንዳልነበረም አይዘነጋ። ይህን ሁሉ ወደ ጎን ብሎ ሽንፈቱን በአባት አርጩሜ ማሳበብ የትንታኔ ስንፍና ነው።

እንዲህም ሆኖ የ15 በመቶው ነገር ከንቱ አይደለም። ትርጉም የሚሰጠው ከምርጫ ውጤት ጎን ሳይሆን ከዚያች የሐምሌ ቀን ጎን ሲቀመጥ ነው። መሪው ዝም ሲል ትእዛዝ ሳይጠብቅ የሚነሣው ስንት ነው? ጠባይ ሰው ማንን እንደሚመርጥ አይወስንም፤ ድርጅቱ በማያዝበት ሰዓት ምን እንደሚያደርግ ግን ብዙ ይወስናል። በእኔ ንባብ ሳይኮአናሊሲስ ለለውጥ ንድፈ ሐሳብ ካበረከተው ሁሉ የጠነከረው ይህ ነው፤ ጥናቱን የሚያወድሱትም ሆኑ የሚነቅፉት ብዙም አልተጠቀሙበትም።

ለዚህ አንዱ ምክንያት ሊያነቡት አለመቻላቸው ነው። ናዚዎች ሥልጣን ሲይዙ ተቋሙ በጄኔቫ በኩል ወደ ኒውዮርክ ተሰደደ፤ ከመጠይቆቹ የቀሩት 584 ብቻ ናቸው። ውጤቱ ሳይታተም ቀረ፤ ለምን እንደቀረ ፍሮምና የተቋሙ ሰዎች የሰጡት ማብራሪያ አይገናኝም። ፍሮም በ1939 ተቋሙን ለቀቀ። ጥናቱ መጽሐፍ ሆኖ የወጣው በ1980፣ እሱ በሞተበት ዓመት ነው። ለግማሽ ምእተ ዓመት ያህል ሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ ስለ ሠራተኛው ነፍስ ሲጽፍ ሠራተኛው በገዛ ቃሉ የጻፈው መልስ ሣጥን ውስጥ ተቀምጦ ነበር።

በ1950 አዶርኖ ከኤልሰ ፍሬንከል-ብሩንስቪክ፣ ከዳንኤል ሌቪንሰንና ከኔቪት ሳንፎርድ ጋር ያሳተመው “አምባገነናዊ ስብእና” የዚህ መጠይቅ ወራሽ ነው ይባላል። ወራሽነቱ ግማሽ ነው። መጽሐፉን ዝነኛ ያደረገው፣ የፋሺዝም ዝንባሌን የሚለካው የኤፍ መለኪያ መላሹን አያጽፍም፤ የተዘጋጀ ዐረፍተ ነገር አቅርቦ ምን ያህል ትስማማለህ ይለዋል። ዐረፍተ ነገሮቹ የተቀረጹት ደግሞ መስማማት ሁልጊዜ አምባገነንነትን እንዲያመለክት ሆኖ ነው፤ ስለዚህ በይሉኝታ ሁሉንም እሺ የሚል ሰው ከአምባገነኑ ጋር ይደመራል። በእርግጥ መጽሐፉ ውስጥ ረጃጅም ቃለ መጠይቆችም አሉ፣ እነሱም ከመለኪያው ይልቅ ሕይወት አላቸው። ዓለም ተቀብሎ ያባዛው ግን መለኪያውን ነው።

ማዳመጥ ቀርቶ ፍርድ መስጠት ሲጀመር ምን እንደሚከተል የአማርኛ አንባቢ ከቅርብ ምሳሌ አለው። ሶሲዮሎጂስቱ ዶናልድ ሌቪን በ1965 ያሳተመው “ሰምና ወርቅ” ስለ ቅኔና ስለ ድርብ ንግግር ያለው አሁንም ያከራክራል፣ ይነበባልም። በዚያው መጽሐፍ የሳይኮአናሊሲስን መሥራች የፍሮይድን ትምህርት ተውሶ የአማራን ስብእና ከአፍና ከመብል ጋር አያይዞ የተነተነበት ምዕራፍ ግን ሌላ ነገር ነው። የፍሮም ሠራተኛ ቢያንስ ተጠይቆ፣ አንድ በአንድ ተነብቦ፣ ከጓደኛው ተለይቶ ነበር የተመደበው። በሌቪን ምዕራፍ የተተነተነው ሕዝብ ነው፤ ሕዝብ ደግሞ ሶፋ ላይ ተጋድሞ “አይደለም፣ እንዲህ አይደለም” ማለት አይችልም።

የ1955ቱ የማርኩዘና የፍሮም ክርክር ከዚህ አንጻር ሲታይ ዝናውን ያህል አይከብድም። “ዲሰንት” በተባለው መጽሔት ላይ ማርኩዘ ፍሮምንና መሰሎቹን ፍሮይድን አለስልሰው ሕክምናን ለነባሩ ሥርዓት ማስገዣ መሣሪያ አደረጉት ሲል ከሰሰ፤ ፍሮም ደግሞ ማርኩዘ አንድ ታካሚ ሳይሰማ ስለ ሳይኮአናሊሲስ ይጽፋል ሲል ነቅፎታል። ሁለቱም ክሶች እውነት አላቸው። የማርኩዘ “ትርፍ ጭቆና” የሚለው ሐሳብ ድንቅ ነው፤ አብሮ ለመኖር የግድ የሆነውን ራስን መግታት ለገዢዎች ጥቅም ከሚጨመርበት መግታት ይለይና፣ ፍሮይድ ዘላለማዊ ያደረገውን ሐዘን ታሪክ ውስጥ ይመልሰዋል። ግን የግዱ የት አልቆ ትርፉ የት እንደሚጀምር በምን ይታወቃል? ማርኩዘ ይህን ከፈላስፋ ወንበሩ ሊወስነው ፈለገ። ፍሮም በበኩሉ በእነዚያ ዓመታት ወደ ሰባኪነት ተጠግቶ ነበር፤ በኋላ ግን ሜክሲኮ ውስጥ ከማይክል ማኮቢ ጋር ሆኖ አንድን መንደር በክፍት ጥያቄዎች አጥንቶ በ1970 አሳተመ። ክርክሩን ያልረሱት አንባቢዎች ይህን መጽሐፍ ብዙም አያነሡትም።

ከሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ ተከታይ ትውልድ የሆነው ሃበርማስ በ1968 ሳይኮአናሊሲስን ነፃ ለሚያወጣ ዕውቀት አርአያ አደረገው፤ ታካሚው የራሱን ታሪክ ተረድቶ ከሚገዛው ግፊት እንደሚላቀቅ፣ ኅብረተሰብም እንዲሁ። ፈላስፋው ጋዳመር የሰጠው መልስ አጭርና የሚያም ነው፦ ታካሚ በገዛ እግሩ ሐኪም ዘንድ ይመጣል፤ ሃያሲውን የኅብረተሰብ ሐኪም ብሎ የሾመው ማነው? ፈላስፋዋ ኤሚ አለን በቅርብ ዓመታት ከዚህ አጣብቂኝ ለመውጣት ሞክራለች። ሕክምናው የሚሠራው በማስረዳት ብቻ ሳይሆን በሁለት ሰዎች መካከል በጊዜ ብዛት በሚፈጠር ግንኙነት ነው ትላለች። ትክክል ነች። ግንኙነት ግን ቦታና ክፍያ ይፈልጋል፤ በ1920 በርሊን ውስጥ፣ በ1922 ቪየና ውስጥ ገንዘብ የሌለውም የሚታከምባቸው የሳይኮአናሊሲስ ክሊኒኮች የተከፈቱት ይህን የተረዱ ሰዎች ስለነበሩ ነው። ዛሬ የዘርፉ ምሁራን ስለ ፍላጎትና ስለ ቋንቋ ሲጽፉ ይህን የጤና ተቋማት ታሪክ ከግርጌ ማስታወሻ አያሳልፉትም።

የክሊኒክንና የማኅበራዊ ለውጥን ጉዳይ ከሁሉ አብልጦ የፈተነው ሳይኮአናሊስት ያልነበረ፣ ፍሮይድን ግን ጠንቅቆ ያነበበ ሳይካትሪስት ነው። ፍራንዝ ፋኖን በ1953 አልጄሪያ ውስጥ ብሊዳ ሆስፒታል ሲመደብ ፈረንሳይ ውስጥ የተማረውን ማኅበራዊ ሕክምና ይዞ ገባ፦ የሳምንት ስብሰባ፣ ጋዜጣ፣ ፊልም፣ የእጅ ሥራ። በአውሮፓውያን ሴቶች ክፍል ውጤቱ ወዲያው ታየ፤ በሙስሊም ወንዶች ክፍል ከሸፈ። ስብሰባው በአስተርጓሚ ነበር፣ የቅርጫት ሥራም ለእነዚያ ወንዶች የሴት ሥራ ነበር። ፋኖን ከረዳቱ ዣክ አዙሌ ጋር በ1954 ባሳተመው ጽሑፍ የከሸፈው ሕክምናው እንጂ ታካሚዎቹ እንዳልሆኑ ጻፈ። ከዚያ በኋላ በሆስፒታሉ ግቢ ያገሬው ዓይነት ቡና ቤት ተከፈተ፣ በዓላት ተከበሩ፣ ተረት ነጋሪ እየመጣ ያጫውት ጀመር።

በ1956 ግን የሥራ መልቀቂያውን አስገባ። ሰውን በገዛ አገሩ ባዕድ በሚያደርግ ሥርዓት ውስጥ ሰውን ከራሱ ጋር ማስታረቅ እንደማይቻል ገልጾ የአልጄሪያን ነፃ አውጪ ግንባር ተቀላቀለ። ማርኩዘን የሚወዱ እዚህ ላይ ታሪኩን ያቆማሉ፤ ክሊኒክ ከንቱ ነው፣ መልሱ አብዮት ነው ለማለት ይመቻል። ፋኖን ግን ቱኒስ ገብቶ የግንባሩን ጋዜጣ እያዘጋጀ ሳለ ታካሚዎች ቀን መጥተው ማታ ቤታቸው የሚገቡበትን የሕክምና ክፍል አደራጀ፤ ስለ አሠራሩም ሙያዊ ጽሑፍ አሳተመ። ታካሚዎቹ ከቤተሰባቸው፣ ከሥራቸውና ከሰፈራቸው ጋር ሳይቆራረጡ እንዲታከሙ ፈልጎ ነበር። ክሊኒኩን ዘግቶ ወደ አብዮቱ አልሄደም፤ አብዮቱም ክሊኒኩን አላዘጋውም።