ፈቃድ፣ ትኬትና ዕጣ፤ በፓርክ በር ላይ ስለሚነበቡ ቃላት

ወደ ብሔራዊ ፓርኮች የሚገቡ ጎብኚዎችን ቁጥር ስለ መቆጣጠር የሚቀርቡ የአማርኛ ትርጉሞችን ስንመረምር ከሁሉ ይልቅ ያሳሰበን «ፈቃድ» የሚለው ቃል ነው። ተርጓሚዎች የክፍያ ደረሰኙንም፣ በቁጥር ተወስኖ ለጥቂቶች የሚሰጠውንም ወረቀት ያለ ልዩነት «የመግቢያ ፈቃድ» ይሉታል።

ጉዳዩ የቃል ማሳመር ብቻ አይደለም። በአሜሪካው የዮሰሚቲ ፓርክ በር ላይ የተከፈለ ገንዘብ ሰውን ወደ ግቢው ያስገባዋል። ሃፍ ዶም በተባለው የድንጋይ ጉልላት ላይ በብረት ገመዱ እየተደገፉ ለመውጣት ግን ገመዱ ተተክሎ በሚቆይባቸው ወራት ሌላ ወረቀት ያሻል። ይህ ወረቀት በቀን 300 ለሚያህሉ ተጓዦች ብቻ፣ በአብዛኛው በዕጣ የሚሰጥ ሲሆን፣ ዕጣ ላልወጣለት ሰው የማመልከቻው ገንዘብ አይመለስለትም። ሁለቱን በአንድ ስም የጠራ ትርጉም አንባቢውን የብዙ ሰዓት ዳገት አስወጥቶ ከገመዱ ሥር ያስመልሰዋል። ስለዚህ ለፊተኛው «የመግቢያ ትኬት» በቂ ነው እንላለን፤ «ፈቃድ» ለኋለኛው ይቆይ።

«ሎተሪ» የሚለውንም አንደግፍም። በእኛ ጆሮ ሎተሪ የገንዘብ ሽልማት ነው፤ ለሁሉ የማይበቃን ነገር ማከፋፈያው ዕጣ ነው። እርግጥ በዕቁብ ዕጣ የሚወስነው ተራን ብቻ ነውና ሁሉም በመጨረሻ ይደርሰዋል፤ በፓርኩ ግን ያልደረሰው ቀረ። ይህን ልዩነት ተርጓሚው በአንድ ሐረግ ቢገልጸው መልካም ነው።

ከሁሉ የከፋው «ምድረ በዳ» ነው። እ.ኤ.አ. በ1964 የወጣው የአሜሪካ ሕግ ሰው እንግዳ ሆኖ የሚያልፍበትን እንጂ የማይኖርበትን ዱር ይከልላል፤ በክልሉም ደንና ሐይቅ ይገኛሉ። የአማርኛ መጽሐፍ ቅዱስ አንባቢ ግን ምድረ በዳ ሲባል ውሃ የሌለበትን አገር ያስባል። አንዳንዶች በምትኩ «ሰው ያልነካው ዱር» ይላሉ። ለአሜሪካው ሕግ ትርጉም ይህ ሊያገለግል ይችል ይሆናል፤ የአገሩ ነባር ሕዝቦች ግን ቅር ይላቸዋል። ቃሉን ወደ ስሜን ተራሮች ማምጣት ከቶ አይገባም። እ.ኤ.አ. በ1978 በዓለም ቅርስነት በተመዘገበው በዚህ ፓርክ ውስጥ የግጭ መንደር ሰዎች እ.ኤ.አ. በ2016 ወደ ሌላ ሥፍራ እስኪዛወሩ ድረስ ያርሱና ከብት ያግዱ ነበር። ለእንዲህ ያለው ቦታ «ጥብቅ ሥፍራ» የሚለውን እንመርጣለን፤ ቃሉ የሚናገረው ስለ ጥበቃው ነው፣ በቦታው ማን ይኖር እንደ ነበረ አይክድም።