ጨዋታ በመስኮት፣ ጨዋታ በሙሉ ስክሪን

ስለ ኮምፒዩተር ጨዋታ የሚጽፉ ሰዎች ስለ ታሪኩ፣ ስለ ሥዕሉና ስለ ሙዚቃው ብዙ ይላሉ፤ ጨዋታው በስክሪኑ ላይ ምን ያህል ስፍራ እንደሚይዝ ግን የሚናገር ጥቂት ነው። ነገሩ ወንበርን ወደ ጠረጴዛ እንደ ማስጠጋት ያለ፣ ለተጫዋቹ ምቾት ብቻ የተተወ ጕዳይ ይመስላቸዋል። እኔም እስከ ባለፈው ዓመት ድረስ ከነዚሁ ወገን ነበርሁ። አሁን ግን አሳቤን ለውጫለሁ፤ የለወጥሁበትም ምክንያት በአንድ ጨዋታ ላይ የተሳሳተ ፍርድ ሰጥቼ በመገኘቴ ነው። ፍርዱን የሰጠሁት በተማሪዎች ውይይት ፊት ስለ ነበረ እርማቱንም በተማሪዎች ፊት ማድረግ ይገባኛል።

አስቀድሜ ነገሩ ምን እንደ ሆነ ላስረዳ። ጨዋታ በሙሉ ስክሪን ሲከፈት ሌላው ሥራ ሁሉ ከዐይን ይሰወራል፤ የደብዳቤው ገጽ፣ ሰዓቱ፣ የፋይሎቹ ምልክቶች ሁሉ ከበስተ ኋላ ይቀራሉ። በመስኮት ሲከፈት ግን ልክ እንደ መጻፊያው ፕሮግራም ባለ ክፈፍና ባለ አርእስት ሆኖ ከሌሎቹ ጋራ ጐን ለጐን ይቀመጣል፤ ይጐተታል፣ ይጠባል፣ ይሰፋል፣ በራሱ ላይ ባለችው የመስቀል ምልክትም ይዘጋል። በሁለቱ መካከል ሦስተኛ አለ፤ ይኸውም ክፈፉ ተነሥቶለት ስክሪኑን በሙሉ የሚሸፍን መስኮት ነው። ይህ ለዐይን ሙሉ ስክሪን ይመስላል፤ በባሕርዩ ግን መስኮት ነው።

መስኮት የጨዋታ ታናሽ ቤት ሆኖ መቈጠሩ ከታሪክ የመጣ ነው። (ዓመታቱን ሁሉ በአውሮፓ አቈጣጠር እጽፋለሁ።) በ1990 ማይክሮሶፍት ዊንዶውስ 3.0ን ሲያወጣ ሶሊቴር የተባለውን የካርታ ጨዋታ ጨመረበት፤ በ1992 በወጣው በ3.1 ደግሞ ማይንስዊፐር ተከተለ። ሁለቱም በመስኮት የሚከፈቱ ነበሩ፤ የቢሮ ሠራተኛ ከሒሳብ መዝገቡ አጠገብ ከፍቶ አለቃው ብቅ ሲል የሚሸፍናቸው ጨዋታዎች ሆኑ። በ1993 የወጣው ዱም ግን በዶስ ላይ ይሠራ ስለ ነበር ስክሪኑን ጠቅልሎ ይይዛል፤ ስፍራ የሚካፈለው ጐረቤትም አልነበረውም። እንግዲህ ቁም ነገር ያለው ጨዋታ ስክሪን ይሞላል፣ የሥራ ፈት ጨዋታ በመስኮት ይቀመጣል የሚል አስተያየት በሰው ልብ ተተከለ። ይህ ልማድ ነው እንጂ ሕግ አይደለም። ዳሩ ግን ልማዱ ምን ያህል እንደ ጸና ለማየት ስታርክራፍትን መመልከት ይበቃል። ይህ ጨዋታ በ1998 በ640 በ480 ነጥብና በ256 ቀለም ወጣ፤ ባለቤቶቹ በመስኮት እንዲከፈት ያደረጉት ግን በ2017 በወጣው የ1.18 ማሻሻያ ነው። በመካከሉ ባለፉት አሥራ ዘጠኝ ዓመታት ይህን የፈለገ ተጫዋች ሌሎች ሰዎች በሠሯቸው ተቀጽላ ፕሮግራሞች ይታገል ነበር።

ለሙሉ ስክሪን የሚከራከሩ ሰዎች አስቀድመው የሚያነሡት ፍጥነትን ነው። ክርክራቸው በጊዜው እውነት ነበረ። ጨዋታው ስክሪኑን ለብቻው ሲይዝ ሥዕሉን በቀጥታ ያስተላልፋል። በመስኮት ሲሆን ግን፣ በተለይ ዊንዶውስ ቪስታ በ2007 ለሕዝብ ከቀረበ ወዲህ፣ ሥዕሉ በመጀመሪያ የመስኮቶቹን ሁሉ ሥዕል ወደሚያቀናጀው የሥርዓቱ ክፍል ይሄዳል፤ ከሌሎቹም ጋራ ተዋሕዶ ነው የሚወጣው። በዚህ መንገድ ጥቂት መዘግየት ይመጣል። በሰከንድ 60 ጊዜ በሚታደስ ስክሪን ላይ የአንዲት ሥዕል ዕድሜ ከ17 ሚሊሰከንድ ጥቂት ያነሰ ነው፤ የአንዲት ሥዕል መዘግየት ለካርታ ተጫዋች ምንም አይደለም፣ በተኩስ ጨዋታ ለሚወዳደር ግን ማሸነፍና መሸነፍ ነው። ይሁን እንጂ ዘመኑ አልፏል። በዊንዶውስ 10 ጊዜ ብዙዎቹን የሙሉ ስክሪን ጨዋታዎች ከበስተ ኋላ እንደ ክፈፍ አልባ መስኮት የሚያሠራ ዘዴ ገባ፤ ዊንዶውስ 11 ደግሞ በ2022 በመስኮት ለሚከፈቱ የዳይሬክት ኤክስ 10 እና 11 ጨዋታዎች ሥዕሉን በአጭር መንገድ የሚያሳልፍ ምርጫ ጨመረ። ስለዚህ ዛሬ በሙሉ ስክሪን ስም የሚምል ሰው ሳያውቀው በመስኮት ውስጥ ተቀምጦ ሊሆን ይችላል። የመኝታ ክፍል ጓደኛዬ ይህን ስነግረው ለሁለት ቀን ያህል አኵርፎኛል።

ፍጥነትን እንዲህ ካለፍነው የሚቀረው ዋናው ክርክር የስሜት ነው፤ እዚህ ላይ የሙሉ ስክሪን ወገኖች እውነት አላቸው። የዴንማርኩ ፕሌይዴድ የሠራውን ሊምቦን እንውሰድ፤ በ2010 ወጥቶ በ2011 ወደ ኮምፒዩተር መጣ። ሥዕሉ ጥቍርና ነጭ ብቻ ነው። አንድ ልጅ እንደ ጥላ ሆኖ በጭጋግ ውስጥ ይሄዳል፤ የሥዕሉ ዳርቻ እየጨለመ ይሄድና የት ላይ እንዳለቀ አይታወቅም። ንግግር የለም፣ ሙዚቃውም ከነፋስ ድምፅ ብዙ አይለይም። ይህን በመስኮት ከፍቼ ሞከርሁት። በዙሪያው ሰማያዊው የስክሪን ገጽታዬ፣ በግርጌውም ሰዓቱና የባትሪው ምልክት ይታያሉ። ያ ቀስ እያለ የሚደበዝዝ ጨለማ በድንገት በቀጥተኛ ክፈፍ ተቈርጦ አንድ ትንሽ ጥቍር ሣጥን ሆነ። ልጁ ሲሞት አላዘንሁም፤ ሰዓቱን ነው ያየሁት። ሊምቦ የተሠራው መብራት ጠፍቶ መጋረጃ እንደሚከፈትለት ቴአትር ነው። በሚሲዮን ትምህርት ቤታችን የቴአትር መጋረጃው ከሁለት የአልጋ አንሶላ የተሰፋ ነበር፤ ቢሆንም መብራቱ ሲጠፋ አዳራሹ ሁሉ ጸጥ ይል ነበር። ሊምቦ የሚጠይቀው ያን ጸጥታ ነው።

ስሕተቴ ሁሉም ጨዋታ ይህንኑ ይጠይቃል ብዬ ማመኔ ነበር።

ፊውቸር ካት የተባሉት የሠሩት ዋንሾት በመጀመሪያ በ2014 በነፃ፣ ቀጥሎም ተሻሽሎና ሰፍቶ በ2016 ለሽያጭ የወጣ ነው። ታሪኩ ሲያዩት ቀላል ነው። ኒኮ የምትባል ድመት የምትመስል ልጅ (ወንድ ትሁን ሴት ጨዋታው አይናገርም፤ አማርኛችን ግን አንዱን እንድመርጥ ያስገድደኛል) ፀሐይ በሌለበት ዓለም ትነቃለች፤ በእጇ የያዘችው አምፑል የዚያ ዓለም ፀሐይ ነው፤ ወደ ግንቡ ወስዳ ልትመልሰው ይገባል። እኔ እንደ ልማዴ ገና ሲከፈት ሙሉ ስክሪን አደረግሁት። ጥቂት እንደ ተጫወትሁ ቍጥር የሚጠይቅ ካዝና ገጠመኝ። ክፍሉን ሁሉ ፈተሽሁ፣ ግድግዳውን ሁሉ ነካካሁ፤ ቍጥሩ የለም። ሁለት ማታ ከደከምሁ በኋላ ጨዋታው የተበላሸ ነው ብዬ ዘጋሁት። በውይይታችንም ላይ «ሠሪዎቹ መልስ የሌለው እንቈቅልሽ አስቀምጠዋል፤ ጊዜያችሁን አታጥፉ» ብዬ ተናገርሁ። ከአድማጮቹ አንድ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ጨዋታውን ሊጀምር አስቦ ኖሮ በኔ ቃል ተወው። ይህን የነገረኝ ከብዙ ወራት በኋላ ነው።

ቍጥሩ ያለው ግን ከጨዋታው ውጭ ነበር። ዋንሾት በኮምፒዩተሩ የሰነዶች ማኅደር ውስጥ ጽሑፍ ያስቀምጣል፤ ተጫዋቹ ከኒኮ ዓለም ወጥቶ በራሱ ፋይሎች መካከል ገብቶ ማንበብ አለበት። በሌላ ስፍራ ደግሞ የስክሪኑን የጀርባ ሥዕል ይለውጣል፤ ምልክቱ በዚያ ላይ ነው። አንዳንድ ጊዜም ከመስኮቱ ውጭ ሌላ ትንሽ የመልእክት ሣጥን ብቅ ብሎ ኒኮን ሳይሆን አንተን ያነጋግርሃል። እኔ ስክሪኑን በሙሉ ሸፍኜ ሳለሁ ጨዋታው ከበስተ ኋላዬ ቆሞ ይጠራኝ ነበር ማለት ነው።

ዘንድሮ በመስኮት ከፍቼ እንደ ገና ጀመርሁ። ከሣጥኖቹ አንዱ በስሜ ሊጠራኝ ሞከረ፤ ኮምፒዩተሩን የገዛሁት ግን ከአንድ ከተመረቀ ተማሪ ነውና የርሱን ስም አልለወጥሁትም ነበር። ጨዋታው በርሱ ስም ጠራኝ። ከመሣቅ ይልቅ የሰው ደብዳቤ ከፍቼ እንዳነበብሁ ያህል አፈርሁ። ከዚያ ሰዓት ጀምሮ የዋንሾት አሳብ ገባኝ። በሌሎች ጨዋታዎች ተጫዋቹና ባለ ታሪኩ አንድ ሰው ናቸው፤ እዚህ ግን ሁለት ናቸው። ኒኮ በመስኮቱ ውስጥ አለች፣ አንተ በመስኮቱ ውጭ ነህ፣ እርሷም ይህን ታውቃለች። ክፈፉ ባይኖር ውስጥና ውጭ የሚባል ነገር አይኖርም። የ2014ቱ ሥራ ከዚህም የመረረ ነበር፤ ሳትጨርስ መስኮቱን ብትዘጋ የኒኮ ዕድሜ በዚያው ያበቃል። ያች በየቀኑ ያለ አሳብ የምንነካት የመስቀል ምልክት የገዳይ እጅ ሆነች።

ይህን ጥበብ ከቴአትር ጋራ ማነጻጸር አይሆንልኝም። ከኛ አገር አንድ የሚመስለው ነገር ቢኖር አዝማሪ ነው። አዝማሪ መብራት እንዲጠፋለት አይጠይቅም፤ ጠጪው እየጠጣ፣ ጨዋታው እየደመቀ፣ ገቢውም ወጪውም በበሩ እያለፈ በመካከል ይቆማል፤ እንግዳውን አይቶ ስሙን ጠይቆ ግጥሙን በርሱ ላይ ያዞራል። እንግዶቹ በጨለማ ቢሰወሩበት ሥራው ይጐድላል። ዋንሾትም የሚሠራው በዙሪያው ባለው ነገር፣ በስምህ፣ በሰነዶችህ፣ በጀርባ ሥዕልህ ነው። በእርግጥ አዝማሪ ሳያስፈቅድ ኪስህ አይገባም፤ የሰውን የጀርባ ሥዕል መለወጥ ድፍረት ነው የሚሉትን ሰዎች ቅሬታ አልንቅም።

መስኮቱን ለጥበብ ያዋለው ዋንሾት ብቻ አይደለም። በሪዝም ዶክተር ውስጥ መስኮቱ ራሱ በሙዚቃው ምት በስክሪኑ ላይ ወዲያና ወዲህ የሚጨፍርበት ክፍል አለ፤ ዊንዶውኪል በተባለው የተኩስ ጨዋታ ደግሞ መስኮቱ ከአራት ማዕዘን እየጠበበ ይመጣል፣ ተጫዋቹም ግድግዳውን እየተኰሰ ያሰፋዋል። ይሁን እንጂ በነዚህ ውስጥ መስኮቱ የብልኀት መጫወቻ ነው፤ በዋንሾት ግን የታሪኩ አጥንት ነው።

አንድ የሥዕል ነገር ሳልጠቅስ አላልፍም፤ በዚህም ጥፋተኛ ነበርሁ። ዋንሾት፣ እንደዚሁም በ2015 የወጣው አንደርቴል፣ የተሠሩት በ640 በ480 ነጥብ ነው። የኔ ስክሪን 1920 በ1080 ነው። 1080ን ለ480 ብናካፍል 2.25 ይመጣል፤ እንግዲህ አንዲት ነጥብ ሁለት ከሩብ ነጥብ ልትሆን አትችልምና ስክሪኑን ለመሙላት ሲባል አንዳንዷ ወፍራም አንዳንዷ ቀጭን ትሆናለች፣ ወይም ሁሉም ይደበዝዛሉ። ይባስ ብሎ ወርዱን ጭምር ልሙላ ያለ ሰው ክቡን ሞላላ ያደርገዋል። በመስኮት በሁለት እጥፍ ሲሰፋ ግን 1280 በ960 ይሆናል፤ እያንዳንዷ ነጥብ አራት እኩል ነጥቦች ሆና ሠዓሊው እንዳስቀመጣት ትቆማለች። የኒኮን ዐይኖች በትክክል ያየኋቸው በዚህ ጊዜ ነው።

በ2022 ሠሪዎቹ ዋንሾትን ለቴሌቪዥን መጫወቻ መሣሪያዎች ሲያዘጋጁ ችግር ገጠማቸው፤ በነዚያ መሣሪያዎች ላይ ጨዋታው ሁልጊዜ ሙሉ ስክሪን ነው፣ መስኮት የለም፣ ሰነዶችም የሉም። መፍትሔያቸው በጨዋታው ውስጥ ሌላ የኮምፒዩተር ገጽ በሥዕል መሥራት ነበር፤ ኒኮ በዚያ ሐሰተኛ ኮምፒዩተር ውስጥ ባለ ሐሰተኛ መስኮት ትታያለች። ብልኀቱን አደንቃለሁ። ነገር ግን የሐሰቱ ኮምፒዩተር የማንም አይደለም፤ የጥናት ጽሑፌ፣ የእናቴ ፎቶግራፍ፣ ያልመለስሁለት ደብዳቤ በአጠገቡ የሉም። በኔ ኮምፒዩተር ላይ ኒኮ የተቀመጠችው በነዚህ መካከል ነበረ።

ያንን የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ ፈልጌ አግኝቼ ተሳስቻለሁ አልሁት። እርሱም ጨዋታውን ባለፈው ሳምንት ጀምሯል፤ በመስኮት ክፈተው ከማለት በቀር ሌላ ነገር አልነገርሁትም፤ ስለ ካዝናው ጠይቆኝ ዝም አልሁ። የርሱ ኮምፒዩተር በገዛ ስሙ የተመዘገበ ነው።